ሚጣ ያልፈረመችበት ወሊድ

ማክሰኞ፣ ኅዳር 9። ጠዋት የወጣ፦ ሁለት ነጭ ጋውን፣ አንድ የክፍል ጫማ፣ ጥቂት የፀጉር መሸፈኛ። ባለፈው ሳምንት ተመልሶ ገና ያልታረመ፦ አንድ ጋውን፣ በእኔ ጥፋት።

ውድ እታለም፣

እጄ ለምዶበት ደብዳቤሽን እንደ ዕለት ማስታወሻዬ ጀመርኩት። ወረቀት መቅደድ እንደማልወድ ታውቂያለሽና እንዳለ ይቆይ፤ ዛሬ ማታውኑ ፎቶ አንሥቼ በስልክ እልክልሻለሁ።

እንዴት ነሽ? ጉልበትሽስ እንዴት ሆነ? አሁንም ለሰው ሳትናገሪ ግድግዳ ተደግፈሽ ደረጃ ትወጫለሽ ወይስ የታዘዘልሽን ቅባት መቀባት ጀመርሽ? እማዬስ? ዓይኗን ከታከመች ወዲህ በስልክ ስታወራኝ የጎረቤቱን ግድግዳ ስንጥቅ ሁሉ ለየሁት ብላኝ ነበር። እንግዲህ የእኔን ሽበት ያየች ዕለት ምን ልትለኝ ነው። የባለቤትሽ የጋሼ ወገብ ተሻላቸው? መንትዮቹስ ከትምህርት ቤት ሳይጣሉ ይመለሳሉ? እኔ ጤናዬ ደህና ነው፣ ሱቁም እንዳለ አለ። ታናሻችን ሚጣም ደህና ናት፤ ትበላለች፣ ትተኛለች፣ ሥራ ትገባለች።

እስከዚህ ያለውን ለእማዬ ጮክ ብለሽ አንብቢላት። የቀረውን ለብቻሽ። ምን ይላል ብላ ከጠየቀችሽ ስለ ጨርቅ ዋጋ ነው በያት። ስለ ጨርቅ ዋጋ ሳወራ ሁልጊዜ እንቅልፍ ይወስዳታል።

ባለፈው ደውለሽ የተቆጣሽኝን አልረሳሁም። «አንተ እዚያ እያለህ ሚጣ ምጥ ላይ ያለች ሴት ጥላ እንዴት ትወጣለች? ሕፃን ሞተ እየተባለ ነው። ከዚያ ማኅበር አውጣትና በቶሎ ወደ እኔ ላካት» አልሽኝ። እኔም መልስ ሳልሰጥሽ ስልኩ ተቋረጠ፤ እውነቱን ለመናገር እኔው ነኝ የዘጋሁት፣ የምመልሰው ስላልነበረኝ። አሁን አለኝ።

መጀመሪያ የሚያሳርፍሽን ልንገርሽ፦ ሕፃኑ አልሞተም። በዓይኔ አይቼዋለሁ። ወንድ ነው፤ ጉንጩ ሞልቶ ተኝቶ ነበር። ወሬ መንገድ ላይ እንዴት እንደሚያብጥ አንቺ ከእኔ ይልቅ ታውቂያለሽ። የሚያሳስበው ሌላ ነው። ነገ ሚጣ ምክር ቤት ትቀርባለች፤ አዋላጅ ሆና መቀጠሏ የሚቆረጠው እዚያ ነው።

«ያ ማኅበር» ስትዪ የትኛውን እንደሆነ አላወቅኩም። እኔም ከሆስፒታሉ በር ፊት ለፊት ይህን ያህል ዘመን ጋውን እየሸጥኩ አንድ ይመስሉኝ ነበር። ለካ ሦስት ናቸው። አንዱ ሠራተኛ ማኅበሩ ነው፤ ከአስተዳደሩ ጋር ስለ ተራና ስለ ሥራ ጫና የሚከራከር፣ ሲብስበትም ሥራ የሚያቆም። ሁለተኛው የአዋላጆች የሙያ ማኅበር ነው፤ የሚያስተምር፣ የሚመክር፣ አባሉ ሲከሰስ አጠገቡ የሚቀመጥ። ሦስተኛው የነርሶችና የአዋላጆች ምክር ቤት ነው፤ የሙያ ፈቃድ የሚሰጥም የሚነጥቅም እሱ ብቻ ነው። ከሁለቱ ብትወጪ ሥራሽን ትሠሪያለሽ፤ ከሦስተኛው መዝገብ ከተሰረዝሽ ግን የትም ሄደሽ ማዋለጃ ክፍል አትገቢም። ስለዚህ ወደ አንቺ ብልካትም ያው ነው።

ነገሩ የተነሣው በአድማው ዕለት ነው። ጥያቄያቸው ቀላል ነበር፦ አንዲት አዋላጅ በአንድ ጊዜ ምጥ ላይ ካሉ ከሦስት እናቶች በላይ አትያዝ። ሚጣ አንዳንድ ቀን ስድስት ትይዝ ነበር። ደብዳቤ ጻፉ፣ ኮሚቴ ላኩ፣ ሰሚ አጡ። በመጨረሻ አንድ ቀን ሥራ እናቁም ተባባሉ። አስተዳደሩ ለአስቸኳይ ሕሙማን ሐኪሞች መድቤያለሁ ብሎ ፈረመላቸው፣ እነሱም አመኑት። የሠራተኛ ማኅበሩ ሊቀ መንበር ወንድ ነርስ ነው፤ ድምፁ ስለሚያስተጋባ ማይክ ይሉታል። ማይክ ከእኔ ሱቅ ሰማያዊ ሳፋ ተበድሮ በሩ ላይ አስቀመጠና «ባጁን ያላወለቀ ሥራ ላይ ነው፣ ሥራ ላይ ያለ ከእኛ ጋር አይደለም» አለ። ሁሉም ባጃቸውን እየፈቱ ሳፋው ውስጥ ጣሉ። ሚጣም ጣለች፤ አይቻታለሁ።

ከዚያ ፀሐይ ላይ ቆሙ። እኔ ውሃ እያቀበልኩ ሳያቸው ሰልፉ እየሳሳ ሄደ። አንዷ ስልኬን ቻርጅ ላይ ረሳሁ ትላለች፣ ሌላዋ ሽንት ቤት ልሂድ ትላለች፣ ሚጣ የስልክ ካርድ ልግዛ ብላ ጠፋች። ካርድ እኔ ሱቅ እንዳለ ታውቃለች። ስትመለስ እጅጌዋ እርጥብ ነበር። «ፊቴን ታጠብኩ» አለችኝ። እኔም የሚያሰለች ሰልፍ ነው፣ ፀሐዩ በዝቶባቸው ነው ብዬ በሆዴ ሳቅኩባቸው።

የምክር ቤቱ ደብዳቤ ሲመጣ ነው ሁሉን ያወጣችልኝ። በዚያን ዕለት ጠዋት አንዲት እናት ምጥ ይዟት ገብታ ሚጣ ተቀብላታለች፤ የምጥ መከታተያው ወረቀት ላይም ፈርማለች። አድማው ሲጀመር ለሜትረኗ፣ ለነርሶቹ አለቃ፣ በቃል አስረክባ ወጣች። በዚያ ክፍል ልማዱ እንዲህ ነው፤ ተረኛዋ አልጋው አጠገብ ቆማ ሁኔታውን ትናገራለች፣ ተቀባይዋ ራሷን ትነቀንቃለች፣ ፊርማው በኋላ ይመጣል። የዚያን ቀን ግን በኋላ የሚባል አልነበረም። ሐኪሞቹ ቀዶ ጥገና ክፍል ተጠምደው ቀሩ። ሚጣ ውጪ ቆማ ሰዓቷን ስታይ ያቺ ሴት ልትወልድ እንደደረሰች ገባት። በልብስ ማጠቢያው በር ገብታ፣ የጽዳት ሠራተኛዋን ጋውን ለብሳ፣ በሩን በወንበር ደግፋ አዋለደቻት። እትብቱን ቆረጠች፣ ልጁን እናቱ ደረት ላይ አስተኛች፣ ደሙ መቆሙን እስክታረጋግጥ ቆየች፣ ተመልሳም ሰልፍ ላይ ቆመች። አልፈረመችም። ከፈረመች አድማውን የሰበረች እሷ ናታ።

እንግዲህ ወረቀቱ ላይ ያለው የጠዋቱ የሚጣ ፊርማ ነው፤ ከዚያ በታች ባዶ፣ ከባዶው በታች የተወለደ ልጅ። ሜትረኗም በዚያ ሁሉ ግርግር በቃል የተነገረኝን አላስታውስም አለች። በሕጉ ተረካቢ እስኪፈርም ድረስ እናትየው የሚጣ ኃላፊነት ናት። ክሱም ይኸው ነው፦ ምጥ ላይ ያለችን እናት ሳያስረክቡ ጥሎ መሄድ። ለጊዜው ከማዋለጃ ክፍል አውጥተው ክትባት ክፍል አስቀምጠዋታል። ሥራ ትገባለች ያልኩሽ እውነት ነው፤ የት እንደምትገባ ነው ለእማዬ ያልነገርኩት።

«ታዲያ ነበርኩ ብለሽ ለምን አትናገሪም?» አልኳት። «ወንድም ጋሼ፣ ሁሉም ፀሐይ ላይ ቆመው እኔ ብቻ ገብቼ ነበር ልበል? ከዚያ በኋላ ማን አብሮኝ ተራ ይገባል? እጄ ሲሞላብኝ ማንን እጠራለሁ?» አለችኝ። ቀላል ነገር አይደለም እታለም። አዋላጅ ብቻዋን የምትሠራው ሥራ የለም፤ ደም የበዛ ቀን በሩን ከፍታ የምትጮኸው ለጓደኛዋ ነው። ያ ጓደኛ ካኮረፈ ፈቃዱ ግድግዳ ላይ ቢሰቀል ምን ያደርግላታል።

እኔ ግን ዝም ብዬ መቀመጥ አልቻልኩም። የእናትየውን ቤት አፈላልጌ ሄድኩ። ባሏ ጎሚስታ ነው፣ ቤታቸው ከጎማ መጠገኛው ጀርባ ነው። አቤቱታውን ያስገባው እሱ እንደሆነ እዚያ ነው ያወቅኩት። የአዋላጇ ወንድም ነኝ ስለው የጎማ መፍቻ ቁልፉን እንደያዘ ተነሣ። «እኔ ጎማ ስለጥፍ እንኳ ባለ መኪናው አጠገቤ ይቆማል፤ ሚስቴ እንደ ድመት ለብቻዋ ወለደች!» አለኝ። ሚስትየው ከውስጥ ሰምታ ልጁን እንዳቀፈች ወጣች፣ እኔንም አየችኝና «የሲስተር ወንድም ነህ? ምንም አልተናገርኩም፣ ንገራት» አለችኝ። ምኑን አልኳት። ለካ ሚጣ ልጁን ካዋለደች በኋላ «እኔ ዛሬ እዚህ የለሁም፣ እሺ? ማንም ቢጠይቅሽ ራስሽ ነሽ የወለድሽው» ብላታለች። እሷም የአስተዳደሩ ሰዎች ሲጠይቋት ቃሏን ጠብቃ «ማንም አልነበረም፣ ራሴ ወለድኩት» ብላ ፈርማላቸዋለች። ሚጣን የጠቀመች መስሏት፣ ዋናውን ማስረጃ በእጇ ሰጠቻቸው።

ባልየው ወደ ሚስቱ ዞረ። «ለእኔም?» አላት። «ማንም ቢጠይቅሽ አለችኝ እኮ፤ አንተ ከማንም ትወጣለህ እንዴ?» አለችው። እኔ ልስቅ ነበር፣ የያዘውን ቁልፍ አይቼ ተውኩት። በኋላ ግን እሱ ራሱ ቁጭ ብሎ ጭንቅላቱን እያከከ «አቤቱታዬን አነሣዋለሁ» አለ።

በማግስቱ አብረን ምክር ቤቱ ሄድን። ከመስታወቱ ጀርባ ያለችው ጸሐፊ ትሑት ሴት ናት፤ ግን አልተነቀነቀችም። «አቤቱታ እንደ ዕቃ አይመለስም። አንዴ ከተከፈተ ይሰማል። ምክር ቤቱ የተቋቋመው ለአዋላጆች ጥብቅና ሊቆም አይደለም፣ ለእናቶች ነው» አለችን። «እናትየው ራሷ ነበረች ካለችስ?» አልኩ። «መጥታ በቃሏ ትናገር። አዋላጇም ትናገር። አንደኛዋ ብቻ ከተናገረች ሁለቱ ቃሎች ይጋጫሉ፣ ሲጋጩ ደግሞ የሚታመነው የተፈረመው ነው» አለች። ስወጣ ተናድጄ ነበር፤ መንገድ ላይ ግን ንዴቱ በረደልኝ። እኔ ነጋዴ ነኝ፤ ሚዛኔን ሊያይ የሚመጣ ሰው ደስ አይለኝም። ሚዛን በማይታይበት ገበያ ግን ራሴ ስኳር አልገዛም። ያቺ ሴት እውነትም ብቻዋን ወልዳ ቢሆን ኖሮ እኔም አቤት የምልበት ቦታ እፈልግ ነበር።

ከዚያ ወደ ሙያ ማኅበሩ ሄድኩ። የማኅበሩ ኃላፊ ሚጣን ያስተማሯት አዛውንት አዋላጅ ናቸው፤ ሁሉም ትልቋ ሲስተር ይሏቸዋል። በጥሞና ሰሙኝ። «ነገሩን ካወጣች እኔ ራሴ አጠገቧ እቀመጣለሁ። አለመፈረሟ ጥፋት ነው፣ ጥፋቷን እንድታምን እነግራታለሁ፣ ለዚያ የሚሰጠው ቅጣት ቀላል ነው። ውጪ ነበርኩ ካለች ግን አልቀመጥም» አሉኝ። ውጪ ነበረች ብትባልስ ብዬ ላባብል ስል በመነጽራቸው ላይ አዩኝ፣ አመስግኜ ወጣሁ።

እሑድ ከሰዓት በኋላ ጓደኞቿ ሱቁ ጀርባ ያለው ክፍላችን መጡ። ማይክ ነው ያመጣቸው። ሁለት አዋላጆች ነበሩ፤ አንዷን ሳቂታዋ፣ ሌላዋን ረዥሟ ይሏቸዋል፣ ለሁለቱም ጋውን የሰፋሁ እኔ ነኝ። ማይክ ገና ሳይቀመጥ «በቃል አስረክበሻል። ውጪ ነበርሽ። ባጅሽ ሳፋ ውስጥ ነበር፣ እኛ ሁላችን ምስክር ነን። ጥፋቱ ሐኪም መደብኩ ብሎ ያልመደበው አስተዳደር ነው፣ በዚህ እንሟገታለን» አላት። አነጋገሩ ያሳምናል። ሚጣ መሬት መሬት እያየች ራሷን ነቀነቀች። እኔ ጥግ ላይ የተመለሰውን ጋውን እየተረተርኩ ነበር፤ ሐሳቤ ከእጄ ርቆ ሁለቱንም እጅጌ የግራ አድርጌ ቆርጬው፣ ደንበኛዬ ለብሳ ካየችው በኋላ «አባቴ፣ ቀኝ እጄን የት ላድርገው?» ብላ ትታልኝ የሄደችው ነው።

የሚጣ ዓይን እንባ ሲያቀር ሳቂታዋ አላስቻላትም። «እኔም ገብቼ ነበር» አለች። ማይክ «የት?» አላት። «ማዋለጃ ክፍል ነዋ፣ ገበያማ አልገባ! ከመጋረጃው ማዶ አንዷን እያዋለድኩ ነበር። ወንበር ሲጎተት ሰምቼ ጥበቃው መጣ ብዬ ትንፋሼን ውጬ ቀረሁ።» ሚጣ ቀና አለች። «ወንበሩን የጎተትኩት እኔ ነኝ። ከማዶ ሰው ሲያስነጥስ ሰምቼ እኔም ሜትረኗ ናት ብዬ ልሞት ነበር» አለች። ረዥሟ ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች፤ እሷ ለካ ከዚያ በፊት ገብታ ለሌላ ሦስተኛ እናት መርፌ ወግታ ወጥታለች። የእነዚህ እናቶች ወረቀት ላይ ከመጀመሪያውም የማንም ፊርማ ስላልነበረ ጠያቂ አልመጣባቸውም። የጠዋት ፊርማ ያለባት ሚጣ ብቻ ነበረች። ሁሉም እየተደባበቁ ሲሠሩ እያንዳንዷ ከዳተኛዋ እኔ ብቻ ነኝ ብላ ነው የቆየችው።

ማይክ ጮክ ብሎ ሊቆጣ ሲል ሳቂታዋ «አንተስ ዝም በል፤ በልብስ ማጠቢያው በር የወጣኸው ካልሲህን ልታጥብ ገብተህ ነው?» አለችው። ድምፁ ጠፋ። የእሱ ሕመምተኛ ደግሞ ግሉኮስ የተሰካላቸው አንድ ሽማግሌ ነበሩ። እንደዚያ ተያይተው ሳቁ፣ እኔም ሳቅኩ፤ ሳቁ ሲያልቅ ግን ክፍሉ ከበፊቱ ከበደ።

ማይክ ቀስ ብሎ ተናገረ። «ይህ ነገር ከዚህ ክፍል ከወጣ አስተዳደሩ ‹እናንተ ስትቆሙም ትሠራላችሁ› ብሎ ይስቅብናል። ቀጥሎ ሥራ እናቆማለን ብንል ማን ይፈራናል? ስድስት እናት የምትይዘው እኮ ስድስት እንደያዘች ትቀራለች።» እውነቱን ነው፣ እታለም። እኔ ያልኩት፣ ሌላ ቀን ስትቆሙ በአስተዳደሩ ሐኪም አትመኑ፣ የሚቆዩትን ራሳችሁ በስም ለዩ፣ ባጃቸውን አድርገው ፊርማቸውን እየፈረሙ ይቆዩ ነው። «ነጋዴ ስለ አድማ ምን ያውቃል» አለኝ። ሳፋዬን እስካሁን አልመለሰልኝም፣ እሱንም አላነሣሁበትም።

ረዥሟ ልጆች አሉኝ፣ ፈቃዴን አደጋ ላይ አልጥልም ብላ ተነሣች፤ አልፈረድኩባትም። ሳቂታዋ እመጣለሁ አለች። ማይክ አስብበታለሁ ብሎ ወጣ። ሚጣ በሩ ላይ አቆመቻቸውና «ነገሩን አወጣዋለሁ። ግን ስለ እኔ ብቻ ነው የምናገረው። ከመጋረጃው ማዶ ማን ነበር ብለው ቢጠይቁኝ መጋረጃው ተዘግቶ ነበር እላለሁ፤ ተዘግቶም ነበር» አለቻቸው። ከዚያ ወዲህ ቁርጧን አውቃለች፤ ፊቷ ግን እንደ ገረጣ ነው። ትናንት ምሳ ላይ «ቢሰርዙኝ ጋውን መስፋት ታስተምረኛለህ?» አለችኝ። ሁለት ግራ እጅጌ ማውጣት አሁኑኑ ላስተምርሽ እችላለሁ አልኳት። ፈገግ አለች፣ ምግቡን ግን አልነካችውም።

እንግዲህ ያለው ይህ ነው። ትልቋ ሲስተር እንዳሉት ማስጠንቀቂያ ብቻ ሊሆን ይችላል። ለተወሰኑ ወራት መታገድም ይኖራል። ጸሐፊዋ ግን ዳኞቹ አምስት ናቸው፣ አንዳቸው ሥራ ማቆም የሚባል ነገር አይወዱም ብላኛለች። የእናትየውም ቃል አለ፤ አንዴ ራሴ ወለድኩ ብላ ፈርማ አሁን ተለወጠች ማለት ነው፣ ተመክራ ነው ቢሏትስ? እኔ ቤቷ መሄዴንስ ቢጠይቋት? ይህን ሳሰላስል እውላለሁ፤ ደንበኛ ፊት ግን አይታወቅብኝም።

ስለዚህ ላካት ያልሽውን አልፈጸምኩም፤ አትቀየሚኝ። ዛሬ ከሄደች በሌለችበት ይፈረድባታል፣ ሸሸች ይባላል፣ ያን ጊዜ እውነትም ጥላ የሄደች ትሆናለች። የምለምንሽ አንድ ነገር ነው፤ ነገ ጠዋት አትደውዪላት። ድምፅሽን ከሰማች ታለቅሳለች፣ አልቅሳ ደግሞ አጥርታ አትናገርም። ከሰዓት በኋላ እኔው እደውልልሻለሁ፤ የሆነውንም ሳልቀንስ እነግርሻለሁ።

እማዬን ጉልበቷን ሳሚልኝ፤ ሚጣ በሥራ ተይዛ ነው ያልጻፈችው በያት። ለጋሼ የአክብሮት ሰላምታዬን አድርሺልኝ፤ የጠየቁኝ ካኪ ሱሪ ተሰፍቷል፣ የሚመጣ ሰው ሲገኝ እልካለሁ። ትልቁን መንታ ከትንሹ ቀድመህ አትቆጣ በይልኝ፣ ትንሹን ደግሞ አትንካው። የጎረቤትሽን አሮጊትም፣ ያቺ ስልክ ስትደውዪ አጠገብሽ የምትስለውን፣ ጤና ይስጥልኝ በያት። ሚጣ ሁላችሁንም ሰላም ብላለች፤ ባትልም እንዳለች ቁጠሩት።

ወንድምሽ፣
ከሱቁ፣ ኅዳር 9

ነገ፦ ሱቅ አይከፈትም። የጎሚስታውን ሚስት ከነልጇ ከቤቷ አንሥቶ ምክር ቤት ማድረስ። ለሕፃኑ ወፍራም ፎጣ መያዝ፣ መጠበቂያ ክፍሉ ይበርዳል።